ለዓይን የተተከለች አበባ

ጥበብ፣ ነፃነትና ተፈጥሮ በጀርመን አይዲያሊዝም፦ ከጎተራ ሆኖ የተደረገ ዳሰሳ

በጎተራ ኮንዶሚኒየም ከእኔ አንድ ፎቅ ዝቅ ብለው የሚኖሩ እናት አሉ። ኮሪደሩ ጫፍ ላይ፣ በራቸው አጠገብ፣ ከወገባቸው የተቆረጡ የዘይት ጀሪካኖች አፈር ተሞልተው ተደርድረዋል። አንዱ ጤና አዳም ነው፣ ለቡና። ሁለተኛው በሶብላ፣ ለሽሮና ለበርበሬ። ሦስተኛው ኮሰረት፣ ለቅቤ ማንጠሪያ። አራተኛው ላይ ግን አንዲት ቀይ አበባ በቅላለች፤ አትበላም፣ አትጠጣም፣ አትታጠንም። ውሃ በፈረቃ በሚመጣበት ሰሞን እንኳ ድርሻዋ አይቀርም፤ ሩዝ የታጠበበት ውሃ ይጠራቀምላታል። አንድ ጠዋት፣ "እማማ፣ ይቺ ደግሞ ምን ታደርግልዎታለች?" አልኳቸው። "ለዓይን ነዋ ልጄ!" አሉኝ። ጥያቄዬ ገርሟቸዋል።

"ለዓይን" በምትለው በዚች ቃል ዙሪያ ከ1781 እስከ 1831 ባሉት ሃምሳ ዓመታት በጀርመን ምድር ከባድ ክርክር ተካሂዷል፤ የጀርመን አይዲያሊዝም የሚባለው እሱ ነው። (ዓመታቱ፣ ዓ.ም. ካልተባለ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ክርክሩን የከፈተው አማኑኤል ካንት ነው፤ የዘጋው፣ ወይም ዘግቼዋለሁ ያለው፣ ሄግል ነው። በመሀል ፊኽቴ፣ ሺለርና ሼሊንግ አሉ። ጥያቄያቸው ሲጠቀለል እንዲህ ነው፦ ሰው ነፃ ነኝ ይላል፤ የሚኖርበት ተፈጥሮ ግን በምክንያትና በውጤት ሰንሰለት የታሰረ ነው። ድንጋይ ከፎቅ ሲለቁት ይወድቃል፤ ሰውም ሲለቁት ያው ይወድቃል። ታዲያ ነፃነት በዚህ ዓለም ቤት አለው ወይስ ባዕድ ነው?

ከፊኽቴ በቀር ሁሉም መልሱን ፍለጋ ወደ ጥበብ ሄደዋል፤ ግን አልተስማሙም። ልዩነታቸውን በአገራችን ችሎት ቋንቋ እናስቀምጠው ቢባል፣ ለካንት ጥበብ ምስክር ነው። ለሼሊንግ ዳኛ ነው። ለሄግል ደግሞ ቃሉን ሰጥቶ፣ ቃሉ በመዝገብ ከሰፈረ በኋላ በክብር የተሰናበተ ሽማግሌ ምስክር ነው። የማንኛቸው ሐሳብ በእኛ አገር ጉዳይ ላይ እንደሚጸና መመርመር የዚህ ዳሰሳ ሥራ ነው።

ቃላቱ አማርኛ ሲገቡ

ሦስቱ ቃላት ወደ አማርኛ ሲሻገሩ እንዳሉ አይቀመጡም። "ተፈጥሮ" ከ"ፈጠረ" የወጣ ነው፤ ገና ሲጠራ ፈጣሪ እንዳለው ይናገራል። አውሮፓውያን የሚጠቀሙበት ቃል ከላቲን የመጣና ከመወለድ ጋር የተዛመደ ነው፤ የሚወለድ ነገር ከዘሩ ይወጣል እንጂ በውጭ እጅ አይሠራም። ስለዚህ ሼሊንግ ተፈጥሮ ራሷን ታፈራለች ሲል በጀርመንኛ ደፋር ሐሳብ ነው፤ በአማርኛ "ራሷን የምትፈጥር ተፈጥሮ" ብንል ግን ዓረፍተ ነገሩ ከራሱ ጋር ይጣላል።

"ነፃነት" ከመንጻት ጋር ሥር ይጋራል፤ ለምጻሙ ዳነ ለማለት "ነጻ" እንላለን። አድዋ ሲባል የምናስበው የአገር ነፃነት ነው። ካንት የሚለው ነፃነት ደግሞ ሰው ለራሱ ባወጣው ሕግ መገዛቱ ነው። የመንጻት ትርጉሙ ግን ወደ ካንት ይቀርባል፤ ለእሱ ነፃ ፈቃድ ማለት ከፍርሃት፣ ከሽልማትና ከስሜት ግፊት የጠራ ፈቃድ ነውና።

"ጥበብ" ከሁሉም ይሰፋል። ጠቢብ ያወቀ ነው፤ ጥበበኛ እጁ የሠለጠነ ነው፤ የሐበሻ ቀሚስ ጠርዝ ላይ ያለው ጥለትም ጥበብ ነው። ሽሮ ሜዳ ሄዶ "እስቲ ጥበብ አሳዩኝ" ላለ ሰው ጨርቅ ይዘረጋለታል። ጀርመኖቹ ዕውቀትንና የእጅ ሥራን ለማስታረቅ ስንት ቅጽ ሲፈጁ አማርኛ አስቀድሞ በአንድ ጣራ አኑሯቸዋል። ይሁንና በዚህ ለመኩራራት አንቸኩል፤ ቋንቋ ያስታረቀውን ኑሮ አጣልቶታል። በአንጥረኛውና በሸክላ ሠሪው ላይ ስድብ ሆኖ የኖረው "ጠይብ" የሚለው ቃል ራሱ ከ"ጠቢብ" የወረደ ነው። ጥበብን ያከበርነው ከጠቢቡ እጅ ለይተን ነው።

ካንት፦ ከገደሉ ወዲህና ወዲያ

ካንት ከተወለደባት ከኮኒግስበርግ ብዙም ሳይርቅ ኖሮ ያለፈ ሰው ነው። "ሂስ" ከተባሉት ሦስት መጻሕፍቱ በመጀመሪያው፣ በ1781 ባሳተመው፣ ተፈጥሮን የምናውቃት የገዛ አእምሯችን ይዞላት በመጣው ሥርዓት ነው አለ፤ ምክንያትና ውጤት ዓለሙን የምናነብበት ፊደል ነው። በዚህ ፊደል ለሚያነብ ሰው ነፃነት የትም አይታይም። በ1788 በሁለተኛው ሂስ በሌላ በር ገባ፦ ግዴታ እንዳለብን እናውቃለን፤ ማድረግ የሚገባን ከሆነ ማድረግ እንችላለን ማለት ነው። ነፃነት ባይታይም አይካድም። ሁለቱ ሂሶች ጎን ለጎን ሲቀመጡ ግን በመሀላቸው ገደል ቀረ፤ ወዲህ የሚታየው ተፈጥሮ፣ ወዲያ የማይታየው ነፃነት።

የ1790ው ሦስተኛው ሂስ በዚህ ገደል ላይ የተዘረጋ ድልድይ ነው። ግማሹ ስለ ውበት፣ ግማሹ ስለ ሕያዋን ፍጥረታት ስለሚናገር መጀመሪያ ላነበበው ሁለት መጽሐፍ በስሕተት አንድ ላይ የተጠረዘ ይመስላል። የሚያገናኛቸው ግን አለ፦ ውብ ነገርም ሕያው ነገርም ሆን ተብሎ የተሰናዳ ይመስላል፣ ለምን እንደተሰናዳ ግን ጣት የሚቀሰርበት ዓላማ የለም። ውብ ነገር ስናይ ምናባችንና ማስተዋላችን አንዱ ሌላውን ሳያዝዝ አብረው ይጫወታሉ። ደስታው ከጥቅም ጋር ያልታሰረውም ለዚህ ነው። ጤና አዳሙ ለቡና ነው፤ ጣዕሙን የማይወድ ሰው ቢኖር አንከራከረውም። አበባዋን "አታምርም" ያለ ግን ሙግት ያነሣል።

ካንት ሌላም አስተውሏል። ተንኮለኛ ሰው ሰው ሠራሽ አበባ መሬት ላይ ተክሎ የተፈጥሮ ወዳጁን ቢያታልለው፣ ወዳጁ እውነቱን ባወቀባት ሰዓት ፍቅሩ ይበርዳል ይላል። ከታች ያሉት እናት ልጃቸው ያመጣችላቸው የፕላስቲክ አበባ አላቸው፤ ቴሌቪዥኑ ላይ ተቀምጣለች፣ አቧራዋ በየበዓሉ ይጠረጋል። ጠዋት ጠዋት ወጥተው የሚያዩዋት ግን የጀሪካኗን ነው። መልኳ ብቻ ቢሆን ኖሮ የፕላስቲኳ ትበልጥ ነበር፤ ቀለሟ አይለቅም። የሚፈልጉት ማንም ሳያዝዛት መውጣቷን ነው።

ስለ ሕያው ነገር ሲናገር ዛፍን ያነሣል፤ ግንዱ ቅጠሉን ይመግባል፣ ቅጠሉም ግንዱን። ሰዓት ውስጥ አንዱ ጥርስ ሌላውን ያዞራል እንጂ አይወልደውም። ስለዚህ ተፈጥሮን እንደ ማሽን ብቻ ማየት ለአንዲት ሣር እንኳ አይበቃም። ከዚያ ግን ተፈጥሮ በርግጥ ዓላማ አላት ብሎ አይፈርድም፤ እንዳላት አድርገን እንድናስብ ግድ ይለናል ይላል፣ ያቆማል። ውበትም እንዲሁ ነው፤ ነፃነትን አያስረግጥም፣ ግን ዓለም ለነፃነታችን ጆሮ ዳባ ልበስ እንዳላለች ምልክት ይሰጣል። ምስክር እንጂ ዳኛ አይደለም ያልኩት ለዚህ ነው።

ከሽብሩ በኋላ፦ ፊኽቴና ሺለር

ፊኽቴ በ1794 ገደሉን በድፍረት ሊዘጋው ሞከረ፦ መነሻው "እኔ" ነው፤ ተፈጥሮ "እኔ ያልሆነው" ነው፣ የእኔ ነፃነት የሚታገለውና የሚቀርጸው ጥሬ ዕቃ። ለነፃነት ከዚህ የበለጠ ክብር የሰጠ የለም። ለተፈጥሮ ደግሞ ከዚህ ያነሰ ክብር የሰጠ ማግኘት ይቸግራል።

ሺለር ገጣሚና ጸሐፌ ተውኔት ነበር፤ ጥያቄውን ያመጣው ከአብዮት ነው። በፈረንሳይ ሰንሰለት የሰበረው ሕዝብ ብዙም ሳይቆይ በጊሎቲን ሥር መውደቁን አይቶ፣ በ1795 ስለ ውበት ትምህርት ባሳተማቸው ደብዳቤዎቹ ምን እንደጎደለ ጠየቀ። ለእኛ ይህ የሩቅ ጥያቄ አይደለም። በ1966 ዓ.ም. ያለ ደም ይሆናል ተብሎ የተጀመረው አብዮታችን ጥቂት ዓመት ሳይሞላው ቀይ ሽብር ውስጥ ገብቷል። የሺለር መልስ፣ ሕግ ከመለወጡ በፊት ሰው በውስጡ መታረቅ አለበት የሚል ነው፤ አንዱ ግፊት ወደ ሥጋ ይጎትታል፣ ሌላው ወደ ሥርዓት፤ ሁለቱን ያለ ጉልበት የሚያስማማው ሦስተኛው፣ ጨዋታ ነው።

እዚህ ላይ አማርኛ ከጀርመንኛው ይልቅ ይመቸዋል። በእኛ ጨዋታ የልጅ ሩጫም ነው፣ የትልቅ ሰው ወግም። እንግዳ ዝም ብሎ ሲቀመጥ "ተጫወት እንጂ!" እንለዋለን። ምን እንዲሠራ አይደለም፤ እንግድነቱን እንዲተው፣ ቤቱ እንዲሆን ነው። ሺለር ሰው ሙሉ ሰው የሚሆነው ሲጫወት ነው ያለው ይህንኑ ነው፤ በተፈጥሮ ውስጥ የተቀመጠ እንግዳ መሆኑ የሚቀረው ያኔ ነው።

ሼሊንግና የያሬድ እግር

በ1790 ገደማ ሄግል፣ ሼሊንግና ገጣሚው ሆልደርሊን በቱቢንገን የነገረ መለኮት ትምህርት ቤት አብረው ይኖሩ ነበር። ለፈረንሳይ አብዮት ክብር የነፃነት ዛፍ ተከሉ የሚል ወሬ አለ፤ የታሪክ ጸሐፊዎች አጥብቀው ይጠራጠሩታል። የማያጠራጥረው ከ1797 ገደማ የቀረች፣ በሄግል እጅ የተጻፈች አንዲት ወረቀት መኖሯ ነው። ፍራንዝ ሮዘንዝቫይግ በ1917 አሳተማት፤ ሐሳቧ ከሦስቱ የማን እንደሆነ እስካሁን ይከራከሩበታል። የምትለው ግን ግልጽ ነው፦ የአእምሮ ከፍተኛው ሥራ የውበት ሥራ ነው፤ እውነትና መልካምነት የሚዛመዱት በውበት ብቻ ነው።

ይህን ሐሳብ እስከ ጫፉ የወሰደው ሼሊንግ ነው። ለእሱ ተፈጥሮ የፊኽቴ ጥሬ ዕቃ አይደለችም፤ ራሷን ገና ያላወቀች መንፈስ ናት። በድንጋይ ተኝታ፣ በተክል ተንቀሳቅሳ፣ በሰው ትነቃለች። በ1800 ባወጣው መጽሐፉ ጥበብን የፍልስፍና ዋና መሣሪያ አደረገው፤ ምክንያቱም ሠዓሊው አስቦ ይጀምራል፣ ሥራው ሲያልቅ ግን ካሰበው በላይ ይዞ ይገኛል። ያ ትርፍ ከየት መጣ? ከእሱ ውስጥ ከምትሠራው ተፈጥሮ። ነፃነትና ተፈጥሮ አንድ መሆናቸውን ፈላስፋ በሐሳብ የሚሻውን ጥበብ በዓይን ያሳያል። ስለዚህ ይፈርዳል።

የእኛ ሰው ይህን ሲሰማ ቅዱስ ያሬድ ትዝ ሊለው ይገባል። እንደ ቤተ ክርስቲያን ትውፊት በ6ኛው ክፍለ ዘመን ትምህርት እምቢ ያለው ብላቴና ተስፋ ቆርጦ ዛፍ ሥር ተቀመጠ፤ ደጋግሞ እየወደቀ ግንድ የሚወጣ ትል አይቶ ተመለሰ። በኋላ ዜማውን ከገነት ከመጡ ሦስት አዕዋፍ ተማረ። ካንት ሊቅ ማለት ተፈጥሮ በእሱ በኩል ለጥበብ ሕግ የምትሰጥበት ሰው ነው ያለውን ትውፊቱ በትልና በወፍ ይተርከዋል። ልዩነቱ ወፎቹ የተላኩ መሆናቸው ነው፤ "ተፈጥሮ" እንዳልነው ፈጣሪ አላት።

የታሪኩ ጫፍ ደግሞ ሦስቱንም ቃላት ባንድ ላይ ይዟል። ያሬድ በአፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲዘምር ንጉሡ በዜማው ተመስጦ የተመረኮዘውን ጦር በያሬድ እግር ላይ ተከለው፤ ደሙ ሲፈስ ንጉሡም አላየ፣ ያሬድም አልተሰማው። ሼሊንግ ቢሰማ "ይኸው!" ይል ነበር፤ የታሰበውና ያልታሰበው፣ ሥጋና መንፈስ በአንድ ድምፅ ታርቀዋል። እኔን የሚይዘኝ ግን ቀጥሎ ያለው ነው። ንጉሡ ደንግጦ የፈለግኸውን ጠይቅ አለው፤ ያሬድም ወደ ሰሜን ተራሮች ሄዶ እንዲኖር ይለቀው ዘንድ ለመነ። ዜማው ሕመሙን አስረሳ እንጂ ጦሩን አልነቀለም። ነፃ የለቀቀውም ንጉሡ ነው፤ ዜማው የሰጠው የመጠየቂያ ቃል ነው። ዳኛ ቢሆን ኖሮ መለመን ባላስፈለገ። ሼሊንግ ራሱ በ1809 ስለ ሰው ነፃነት ሲጽፍ ነፃነትን መልካምንም ክፉንም የመምረጥ ችሎታ አድርጎ ወሰደው፤ ያኔ ጥበብ ሁሉን ያስታርቃል የሚለው እምነት ወደ ኋላ ቀርቷል።

ሄግልና የሰሙ ዕጣ

ሰኔ ላይ ዝናብ ሲያባራ በግቢያችን የተቋጠረው ውሃ ዳር ልጆች ይሰበሰባሉ። አንዱ ጠጠር ይወረውራል፤ ክቡ ሲሰፋ "የኔን እዩ! የኔን እዩ!" ይላል። ሄግል በበርሊን በ1820ዎቹ ስለ ጥበብ ባስተማረው ትምህርት ያነሣው ምሳሌ ይኸው ነው፦ ልጅ ወንዝ ላይ ድንጋይ ወርውሮ በክቦቹ ይደነቃል፣ የራሱን ሥራ ከራሱ ውጭ አይቷልና። ለሄግል ነፃነት ከዓለም መሸሽ አይደለም፤ በሌላው ውስጥ ሆኖ ራስን ማግኘት፣ በባዕዱ ውስጥ ቤተኛ መሆን ነው። ጥበብ የዚህ የመጀመሪያው ደረጃ ነው።

ስለዚህ ለተፈጥሮ ውበት ብዙ ቦታ የለውም። የጥበብ ውበት ከመንፈስ የተወለደ በመሆኑ ከተፈጥሮው ይበልጣል ይላል። የእናታችን አበባ ከጉባኤው ደጅ ትቀራለች፤ የተቆረጠው ጀሪካን ሊገባ ይችላል፣ እጅ ነክቶታልና። ጥበብን በሦስት ዘመን ከፈለ፦ ሐሳቡ ገና አካል እየፈለገ የሚዳክርበት የምሥራቁና የግብጹ፣ ሐሳብና አካል የተስማሙበት የግሪኩ፣ ሐሳቡ ከአካሉ የበዛበት የክርስትናው። ከዚያ በኋላ ጥበብ በከፍተኛው ጥሪው ያለፈ ነገር ሆነ። ሠዓሊ አይኖርም ማለቱ አይደለም፤ በሥዕል ፊት ጉልበታችን አይንበረከክም ማለቱ ነው።

ይህን በቅኔ ቤት ቋንቋ እናየው ዘንድ ይመቸናል። አንጥረኛ ቅርጹን በሰም ይሠራል፣ በጭቃ ይሸፍነዋል፣ ሰሙን ያቀልጣል፣ በቦታው ወርቅ ያፈሳል። የሄግል ጥበብ ሰም ነው፤ ፍልስፍና ወርቁ ሲመጣ ይቀልጣል። ሼሊንግ ግን የሚያሳየውና የሚታየው የማይነጣጠሉበትን ይፈልግ ነበር። ቅኔያችን ለዚህም ስም አለው፤ "ኅብር" ይሉታል፤ አንዲቱ ቃል ራሷ ሁለቱንም ትሸከማለች፣ የሚቀልጥ ነገር የለም። የጀርመኖቹ ጠብ በከፊል የሰምና ወርቅ እና የኅብር ጠብ ነው።

ሄግል "ጉልበታችን" ሲል ግን የማንን ጉልበት ነው? ክፍለ ከተማችን ስሙን ያገኘባት የቂርቆስ ቤተ ክርስቲያን ሩቅ አይደለችም። ጠዋት ደጃፏን ተሳልሞ የሚያልፈውን የቢሮ ሠራተኛ፣ መጋረጃው ሲገለጥ በሥዕሉ ፊት የሚሰግዱትን አሮጊት ያየ ሰው፣ ያለፈው ምን እንደሆነ መጠየቁ አይቀርም። ከቤተ ክርስቲያኗ አልፎ ሥራ የሚገባው ያው የቢሮ ሠራተኛ ስልኩን ያያል፣ ሕግ ያረቃል፣ ሒሳብ ይዘጋል፤ ዘመን ሳይከፍል ሁለቱንም ይኖራል።

ከታሪክ ውጭ የተባለ አገር መስኮት

የዳሰሳው ጥቁር ገጽ እዚህ ይመጣል። ስለ ነፃነት እንዲህ የጻፉት ሰዎች ስለ አፍሪካ የጻፉት ያሳፍራል። ካንት በ1760ዎቹና 70ዎቹ ጽሑፎቹ ጥቁሩን ዝቅ አድርጎ አስቀምጧል። ሄግል በታሪክ ፍልስፍና ትምህርቱ አፍሪካን ከዓለም ታሪክ ውጭ ተዋት። መጽሐፍ አጥቶ ነው ማለት አይቻልም። የመካነ ሥላሴው አባ ጎርጎርዮስ በ1652 በቱሪንገን፣ በጎታ ቤተ መንግሥት ተቀምጠው ሂዮብ ሉዶልፍን ግዕዝና አማርኛ አስተምረዋል፤ ሉዶልፍም የኢትዮጵያን ታሪክ በ1681 አሳትሟል። ሄግል የመጀመሪያውን ታላቅ መጽሐፉን የጻፈባት ዬና ያለችው እዚያው ቱሪንገን ነው። ዛሬ ጋና በምትባለው ምድር የተወለደው አንቶን ቪልሄልም አሞም ከሄግል በፊት በዬና ፍልስፍና አስተምሯል።

ለዚህ የተሰጠውን መልስ ለማየት ከጎተራ ወደ ካዛንቺስ መውጣት ይበቃል። ካዛንቺስ ስሙን ያገኘው ጣሊያን በወረራው ዘመን ለመንግሥት ሠራተኞቹ ካሠራው ቤት ነው። ከዚሁ ሰፈር ጥግ በ1961 የአፍሪካ አዳራሽ ተመረቀ፤ ግንቦት 25 ቀን 1963 የአፍሪካ አንድነት ድርጅት የተመሠረተው በዚሁ ነው። መግቢያው ላይ ያለው የአፈወርቅ ተክሌ ባለቀለም መስታወት 150 ካሬ ሜትር ይሸፍናል፤ በሦስት ክፍል የአፍሪካን የመከራ ትናንት፣ ትግሏንና ተስፋዋን ይተርካል። ከታሪክ ውጭ የተባለው አህጉር ታሪኩን እንደ ሄግል በሦስት ዘመን ከፍሎ ጻፈው ማለት ነው።

መስታወቱን ቀርቦ ያየ ግን ከትረካው ሌላ ነገር ያስተውላል። ሥራውን የሚጨርሰው ሠዓሊው አይደለም፤ ፀሐይ ናት። ጠዋት የጎላው ቀለም ከሰዓት ይደበዝዛል፣ ደመና ሲያልፍ በሥዕሉ ያለው ችቦ ይከስማል፣ ሌሊት መስታወቱ ዝም ይላል። ርእሱ ነፃነት ነው፣ ቅርጹ ጥበብ ነው፣ ሕይወቱ ተፈጥሮ ናት። ሄግል ከደጅ ያስቀራት ፀሐይ በመስኮት ገብታለች።

ከኮሎኝ የተመለሰው

በ1932 አፈወርቅ በአንኮበር ሲወለድ በዚያው ዓመት በሐረር ሌላ ሠዓሊ ተወለደ፤ ገብረ ክርስቶስ ደስታ። አባቱ የቤተ ክርስቲያን ሊቅ ነበሩ። ከ1957 ጀምሮ በኮሎኝ ሥዕል ተምሮ በ1960ዎቹ መጀመሪያ ተመለሰ፤ በ1963 አዲስ አበባ ላይ ባሳየው ዐውደ ርእይ ተመልካቹ ተደናገረ። ሰው የት አለ? ተራራው የት አለ? "ይሄ የእኛ አይደለም" የሚለው ወቀሳ ተከትሎት ኖረ። "ጎልጎታ" በሚለው ሥዕሉ የአባቶቹን ስቅለት ወስዶ ከሥርዓተ ሥዕሉ ይልቅ በቀይ ቀለም ጉልበት እንዲናገር አደረገው።

የሁለቱ እኩዮች ልዩነት የዚህ ዳሰሳ መፈተኛ ነው። አፈወርቅ ነፃነትን ርእስ አድርጎ ሣለ፤ ገብረ ክርስቶስ ነፃነትን የአሣሣል ጠባይ አደረገ። አንደኛው ምን እንደሆነ ይነግርሃል። ሁለተኛው ምንም ሳይነግርህ ምናብህን ይፈታዋል፤ ካንት ነፃ ጨዋታ ያለው ይህ ነው። አብዮቱ ሲመጣ ጥበብ ለትግሉ እንዲናገር ተጠየቀ፤ ገብረ ክርስቶስ በ1970ዎቹ መጨረሻ ተሰደደ፣ በ1981 በአሜሪካ ኦክላሆማ አረፈ። በ1984 ምሥራቅ ጀርመን በስጦታ የላከችው፣ ቀራፂው ዮ ያስትራም የሠራው የካርል ማርክስ ሐውልት በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ አጠገብ ቆመ። ከጀርመን አንድ ድንጋይ ሲመጣ፣ በጀርመን የተማረው ሠዓሊ አልነበረም።

በጀርመን የቆዩት ሥዕሎቹ በኋላ ተመልሰው ስሙን በያዘው ስድስት ኪሎ ባለው የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም ከ2008 ጀምሮ ይታያሉ። ኤልሳቤጥ ወልደ ጊዮርጊስ ስለ ኢትዮጵያ ዘመናዊ ጥበብ በ2019 ባሳተመችው መጽሐፍ የዚህን ትውልድ ጥያቄ በሰፊው መርምራለች። በፍልስፍናው በኩል ሄግል ወደ ኢትዮጵያ አንባቢ የገባው በማርክስ በር ስለሆነ የታሪክና የሠራተኛ ሄግል እንጂ የጥበብ ሄግል ብዙም አልታወቀም። ክሎድ ሳምነር የአገር ውስጡን የፍልስፍና ጽሑፍ በ1970ዎቹና በ1980ዎቹ መጀመሪያ በአምስት ቅጽ አሰባስበዋል፤ አንድርያስ እሸቴ ስለ ነፃነት፣ ስለ ጠባይና ስለ ወንድማማችነት ጽፈዋል፤ መሳይ ከበደ የዘመናዊነትን ጥያቄ መርምረዋል። ሦስቱን ቃላት በአንድ ላይ ያየ ሥራ ግን ገና ቦታው ክፍት ነው።

ከተማ እንደ ሥራ

ያለቀለት የሚመስለው ክርክር አሁን ወደ ጎዳና ይውረድ። በ2017 ዓ.ም. መጀመሪያ አሮጌው ካዛንቺስ ለኮሪደር ልማት ፈረሰ፤ አዝማሪ ቤቶቹም አብረው ሄዱ። በቦታው ሰፊ የእግረኛ መንገድ፣ ሣር፣ ዛፍና መብራት መጣ። ማታ ቤተሰብ ይንሸራሸራል፣ ሙሽራ ፎቶ ይነሣል፤ ውበቱን መካድ ዓይንን መካድ ነው። ይህም "ለዓይን" ነው።

ሺለር ግን በአራተኛው ደብዳቤው አንድ ልዩነት አስቀምጧል። አናጺ እንጨቱን እንደፈለገ ይጠርበዋል፤ ሠዓሊም በቀለሙ ላይ ያዝዛል፣ ጉልበቱን ቢደብቅም። አገር የሚሠራ ሰው ግን ዕቃው ሰው ነው፤ ስለዚህ ለዕቃው የይምሰል ሳይሆን የእውነት ክብር ሊሰጥ ይገባዋል፣ ክፍሉ ለጠቅላላው የሚገዛው ጠቅላላው ለክፍሉ ሲያስብ ብቻ ነውና። በዚህ ሚዛን የአዲሱ ጎዳና ጥያቄ ያምራል ወይ አይደለም። ከዚያ የተነሣው ሰው፣ ጀሪካኑን ይዞ የሄደው፣ በውበቱ ውስጥ ራሱን ያገኘዋል ወይ ነው። መልሱ ለሁሉም አንድ አይሆንም፤ ጥያቄውን ግን መብራቱ አይሸፍነውም።

የማንኛቸው ሐሳብ ጸና? ሄግል ሰው በሠራው ውስጥ ራሱን እንደሚያገኝ በማስተማሩ ባለውለታችን ነው፤ ምስክሩን ቶሎ በማሰናበቱ ግን ተሳስቷል። ሼሊንግ ተፈጥሮን ከጥሬ ዕቃነት አውጥቷታል፤ ጥበብን ዳኛ ማድረጉ ግን የያሬድን እግር፣ የገብረ ክርስቶስንም ስደት አያስረዳም። የሚበቃኝ የካንትና የሺለር ልከኛ ቃል ነው። ጥበብ ማንንም ነፃ አያወጣም፤ ነፃነት በምድር ላይ ቤት እንዳለው ግን ይመሰክራል። ምስክር ደግሞ ሊባረርም፣ ሊገዛም፣ ዝም ሊሰኝም ይችላል፤ ስለዚህ ጠባቂ ያስፈልገዋል።

ባለፈው እሑድ ስወርድ እናታችን ጀሪካኗን በሁለት እጃቸው ይዘው ግማሽ ዙር ሲያዞሯት ደረስኩ። ፀሐይ በኮሪደሩ በአንድ በኩል ብቻ ስለምትገባ አበባዋ ወደዚያ ትጎብጣለች። "ታዲያ በእንጨት ቢያስሯት አይሻልም?" አልኳቸው። "ትታነቅብኛለች!" አሉ። "እኔ አዞራታለሁ፤ እሷ ራሷ ትቃናለች።"